ችሎት የደፈርኩት እኔ ነኝ አሉ

አስቀድሜ ልናገር። እኔ ገላነሽ፣ ሃያ ሁለት ዓመት ሂሳብ ያስተማርኩ ሴት፣ ችሎት ደፍረሻል ተብዬ አሥራ አምስት ቀን ተፈርዶብኛል። አልክድም፤ ጮኼያለሁ፣ ጠረጴዛም መትቻለሁ። ግን ሰባት ዓመት ሙሉ የፍርድ ቤት ትዕዛዝ መሳቢያ ውስጥ ሲወትፉ የኖሩ ሰዎች አንድ ሰዓት እንኳ ሳይታሰሩ እኔ መታሰሬ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ሰው ሁሉ «ተይው፣ አለፈ» ይለኛል። ለእነሱ አልፏል፤ ለእኔ ገና አላለፈም።

ነገሩ የበር ነገር ነው። ቤታችን ጀጎል ውስጥ፣ ከፈላና በር ትንሽ ገባ ብሎ ነው። ግቢያችን አንድ በር አለው፤ ደረጃ የለው፣ እንቅፋት የለው፣ አሮጊት በምርኩዝ ቀስ ብላ የምትወጣበት። በ2000 ዓ.ም. ቀበሌያችን ለሚሊኒየሙ በዓል ድንኳንና የፕላስቲክ ወንበር ገዛና ማስቀመጫ አጣ። ከዚያ ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? በራችን አፍ ላይ የቆርቆሮ መጋዘን ሠራ። በሩን ከውስጥ ስትከፍቱት አፍንጫችሁ ቆርቆሮ ይነካል፤ እንደዚያ ነው የሠሩት። «ለጊዜው ነው እማማ፣ በዓሉ እስኪያልፍ» አሏት እናቴን። በዓሉ አለፈ። አዲሱ ሺህ ዓመት ተጀምሮ ዘጠነኛ ዓመቱን ያዘ። ለጊዜው የተባለው ግን እዚያው ተገትሮ ቀረ።

መውጫችን በጎረቤታችን በሳፊያ ግቢ ሆነ። ሳፊያ፣ እግዜር ውለታዋን ይክፈላት፣ የጓሮ ግንቧን አስፈርሳ ቀዳዳ ከፈተችልን። ግን በዚያ በኩል አሥራ አንድ የድንጋይ ደረጃ አለ፤ ጠባብ፣ ጠማማ፣ ግራና ቀኙ ግንብ።

ክስ መሠረትን። በ2002 ረታን። «ቀበሌው መጋዘኑን በሠላሳ ቀን ውስጥ አንስቶ በሩን ነጻ ያድርግ» ተባለ። እኔ ሞኟ የውሳኔውን ግልባጭ ይዤ እየበረርኩ መጥቼ እናቴን «በቃ፣ አለቀ» አልኳት።

በ2003 እናቴ ከሳፊያ ደረጃ ላይ ወደቀች። ዳሌዋ ተሰበረ። ሠላሳው ቀን ካለፈ ዓመት ሊሞላው ነበር፤ ትዕዛዙን ፈጽመው ቢሆን ኖሮ እዚያ ደረጃ ላይ ምን ታደርግ ነበር? ሆስፒታል የወሰድናት በብርድ ልብስ ጠቅልለን ነው። አራት ወንዶች ከግንቡ ጋር እየተላተሙ፣ እሷ «ማርያም! ማርያም!» እያለች። ስትመለስም በዚያው መልክ። አልጋዋ ላይ ስናሳርፋት እንዲህ አለች፤ «ከእንግዲህ እንደ ጆንያ ተሸክማችሁ አታወጡኝም። በራሴ በር፣ በእግሬ እወጣለሁ። ካልሆነ አልወጣም።»

አልወጣችም። ዳሌዋ ቀስ በቀስ ዳነ፤ በምርኩዝ ግቢ ውስጥ ትንቀሳቀሳለች። ደረጃው ግን የማይታሰብ ሆነ። እናቴ ወይዘሮ ተናኘወርቅ፣ እሁድ መድኃኔዓለምን ሳትሳለም ቀርታ የማታውቅ ሴት፣ ስድስት ዓመት ከግቢ አልወጣችም። ደወል ሲደወል ቆማ ታማትባለች፣ ከዚያ ትቀመጣለች። እኔ ከመንግሥት የፈለግኩት መሬት አይደለም፣ ካሳ አይደለም። ያ ቆርቆሮ ተነስቶ እናቴ በእግሯ እንድትወጣ ነው። ይኼው ነው።

አሁን የቀበሌውን ጉድ ስሙልኝ። የመጀመሪያው ሊቀመንበር ትዕዛዙን ሲቀበል ሳቀ፤ «እንፈጽማለን እንጂ! የፍርድ ቤት ትዕዛዝ አይደል?» አለ። የፈጸመው ደብዳቤ በመጻፍ ነው፤ አፍራሽ ሠራተኛ ይላክልን ብሎ ለሌላ መሥሪያ ቤት። ያኛው መሥሪያ ቤት ደግሞ በጀቱ ከማን እንደሆነ ይገለጽልን ብሎ መለሰ። እንዲህ ደብዳቤ ሲወራወሩ ሰውዬው ተሾሞ ወደ ላይ ሄደ። ሁለተኛው መጣና «ጉዳዩን የሚያጠና ኮሚቴ ተቋቁሟል» አለ። ምን ይጠናል? ቆርቆሮ ነው! ኮሚቴው ግን አጠና። አጥንቶ ምን ቢል ጥሩ ነው? ጀጎል የዓለም ቅርስ ስለሆነ በውስጡ ያለ ማንኛውም ግንባታ ያለ ቅርስ ፈቃድ አይፈርስም። እነሱ ትናንት በምስማር የጠረቀሙት ቆርቆሮ ቅርስ ሆኖ አረፈው!

በአፈጻጸም መዝገብ ከሰስኳቸው። ዳኛው ተቆጡ። በሁለተኛው ሳምንት «ትዕዛዙ ተፈጽሟል» የሚል ደብዳቤ ከቀበሌው ደረሰ። በሩጫ ወደ ቤት መጣሁ። የግቢያችንን በር ስከፍት እውነትም በር አለ፤ መጋዘኑን ቀደው የቆርቆሮ በር ሠርተውለታል። በእኛ በር ወጥታችሁ በመጋዘኑ በር ትገባላችሁ፤ ከዚያ በድንኳንና በወንበር ቁልል መሀል ተሹለክልካችሁ በወዲያኛው በር መንገድ ላይ ትወጣላችሁ። ቁልፉ ያለው ንብረት ክፍል ነው። እሁድ ንብረት ክፍል ዝግ ነው። እናቴ ለቅዳሴ ስትወጣ በደብዳቤ ቁልፍ ልትጠይቅ ነው! ያን ቀን ሳቅኩ መሰለኝ። አዎ፣ ሳቅኩ፤ ከዚያ ተቀምጬ አለቀስኩ።

ሦስተኛው ሊቀመንበር ወንድወሰን ነው። እሱ መሾሙን ስሰማ እልል ማለት ነው የቀረኝ። ስድስተኛ ክፍል ያስተማርኩት ልጅ ነው፤ ፊት ወንበር ላይ ይቀመጥ ነበር፣ ደብተሩ ንጹሕ፣ ጸጉሩ የተበጠረ። ቢሮው ስገባ ብድግ ብሎ በሁለት እጁ ጨበጠኝ።

«ቲቸር! እርስዎ እዚህ ድረስ ምን አደከመዎት? ቢደውሉልኝ እኔ እመጣ አልነበር?»

ነገሩን ከሥር ከመሠረቱ ነገርኩት። አንገቱን እየነቀነቀ ሰማኝ። «ያሳፍራል። እውነት ያሳፍራል። እሺ ቲቸር፣ በዚህ ሳምንት» አለ።

ወንድወሰን ከፊተኞቹ የሚለየው እሺ በማለቱ ነው። እነዚያ ቢያንስ ሰበብ ለመፈለግ ይደክሙ ነበር። እሱ ግን እሺ ብቻ ነው። ሰኞ እሺ፣ ረቡዕ እሺ፣ በስልክ እሺ፤ መንገድ ላይ ሲያየኝ ከባጃጅ ውስጥ አንገቱን አውጥቶ «እሺ ቲቸር፣ አልረሳሁትም!» ይላል። የሚሰድብ ሰው ይሻለኝ ነበር፤ የሚሰድብን ሰው መልሶ መስደብ ይቻላል። እሺ የሚልን ሰው ምን ይሉታል?

ሁለት ዓመት እሺ አለኝ። ፍርድ ቤት ጠራው፤ አልቀረበም፣ ስብሰባ ላይ ነው ተባለ። ደግሞ ጠራው፤ ለሥራ ገጠር፣ ሶፊ ወርዷል ተባለ። ሦስተኛ ጊዜ ፖሊስ ያቅርበው ተባለ፤ ፖሊስ «በአድራሻው ፈልገን አጣነው» ብሎ ጻፈ። ፖሊስ ጣቢያውና ቀበሌው እኮ ፊት ለፊት ናቸው! ሻይ የሚጠጡት ከአንድ ሴትዮ ነው! እኔ ለያንዳንዱ ቀጠሮ ርዕሰ መምህሩን ፈቃድ እየለመንኩ፣ ክፍሌን ሌላ መምህር እንዲይዝልኝ እየለመንኩ፣ ከጀጎል አዲሱ ከተማ ፍርድ ቤት ድረስ እግሬ እስኪቀጥን እመላለሳለሁ።

በመጨረሻ ትዕግስቴ አለቀ። አቤቱታ ጻፍኩ፤ ትዕዛዝ አልፈጸመም ብዬ ሳይሆን ፍርድ ቤቱን ንቋል፣ ችሎት ደፍሯል፣ ይቀጣልኝ ብዬ። ዳኛው ወጣት ናቸው፣ ባለ መነጽር፣ ሁልጊዜ እንቅልፍ ያጡ የሚመስሉ። መዝገቡን ከመጀመሪያው ገጽ ጀምረው አገላበጡና መነጽራቸውን አወለቁ። «የፊታችን ዓርብ ሊቀመንበሩ ራሱ ቀርቦ በችሎት መድፈር የማይቀጣበትን ምክንያት ያስረዳ። ካልቀረበ ታስሮ ይምጣ» አሉ።

እሰይ! አልኩ በልቤ። ቤት ገብቼ ለእናቴ ነገርኳት።

«ልጁ ሊታሰር ነው?» አለች።

«ይታሰራ!»

«እናቱ በሕይወት አለች?»

«እማዬ!»

«እኔ መጠየቄ ነው» አለች። እኔም ነገር እንደሚመጣ ያኔ ማወቅ ነበረብኝ።

እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ሽማግሌ መጣብን። የእናቴ የንስሐ አባት መምሬ ኪዳነወልድ፣ የዕድራችን ዳኛ ሃምሳ አለቃ እንደሻው፣ የሳፊያ አጎት ሐጂ መሐመድ። ሦስቱም ከሰባ በላይ ናቸው። ሦስቱም በሳፊያ ደረጃ ነው የመጡት፤ ሌላ መንገድ የለማ! ሃምሳ አለቃ ጉልበታቸውን ግንቡ መቷቸው እያነከሱ ገቡ።

«ይሄ ደረጃ ሰው ይገድላል» አሉ።

«ለላካችሁ ሰው ንገሩልኝ» አልኳቸው።

የሽማግሌ ወግ ይታወቃል፤ የመጣበት ጉዳይ እሺ ካልተባለለት አይቀመጥም። ሦስቱም ተሰልፈው ቆሙ። መምሬ ጀመሩ። «ልጁ ጥፋቱን አምኗል፣ ተጸጽቷል። ዓርብ ሊታሰር ነው። ትዳር ይዟል፣ ሚስቱ ልትወልድ ቀኗን ትጠብቃለች። ደግሞ ገላነሽ፣ አስተማሪው ነሽ፤ አስተማሪ እናት ማለት አይደለችም?»

«እናቱ ብሆንማ በልጅነቱ እቆነጥጠው ነበር።»

ሐጂ መሐመድ «አስተግፊሩላህ» ብለው ሳቃቸውን ዋጡ።

«በሩን ይከፍታል?» አልኩ።

«ይከፍታል። እስከ ሐሙስ። እኔ ፊት መስቀል ስሞ ቃል ገብቷል» አሉ መምሬ።

«እንግዲያው ይክፈተውና ከዚያ ኑ። ያኔ ይቅር እንላለን።»

የተናገርኩት ስህተት አለው? የለውም። ግን ሽማግሌዎቹ ቆመው ቀሩ። አምስት ደቂቃ፣ አሥር ደቂቃ። መምሬ በመቋሚያቸው ተደግፈዋል። ሃምሳ አለቃ የተመታውን እግራቸውን ከፍ ዝቅ ያደርጋሉ። እናቴ ወንበሯ ላይ ሆና ትቁነጠነጣለች፤ የንስሐ አባቷ ቆመው እሷ ተቀምጣ! ለእሷ ከዚህ የባሰ ነውር በዓለም ላይ የለም።

«ኧረ በመድኃኔዓለም ተቀመጡ!» አለች።

«እሺ በሉንና እንቀመጥ።»

«ገላነሽ፣ መምሬ እኮ ቆመዋል! ነገ በምን ዓይኔ ነው የቤተ ክርስቲያኑን ደጅ የምረግጠው?»

«የቱን ደጅ እማዬ? መቼ ወጥተሽ?»

«ዝም በይ አንቺ!» አለችኝ። ከዚያ እጆቿን ዘረጋችላቸው። «ስለ እናንተ ስል ትቼዋለሁ። ይቅር ብዬዋለሁ። አሁን ተቀመጡልኝ!»

ከሳሿ እሷ ናት። ቤቱ በስሟ ነው፤ እኔ ወኪል ብቻ ነኝ። ሦስቱም «እግዚአብሔር ይስጥልን»፣ «አልሐምዱሊላህ» እያሉ ቁጭ አሉ። ሃምሳ አለቃም ከኮት ኪሳቸው የተጣጠፈ ወረቀት አውጥተው መጻፍ ጀመሩ። ባልና ሚስት ሲያስታርቁም፣ በወሰን የተጣላ ሲያስታርቁም የሚጽፉት ያንኑ ነው፤ ስሙን ብቻ ይቀይራሉ። እናቴ አውራ ጣቷን ቀለም ነክራ አተመች።

«አንቺም አንብቢና ፈርሚ» አሉኝ።

«አላነብም! አልፈርምም! እንደፈለጋችሁ አድርጉት!» ብዬ ጓዳ ገባሁና ሰሃን ማጠብ ጀመርኩ። ንጹሕ ሰሃን ነበር የማጥበው። የልጆች ደብተር መስመር በመስመር በቀይ እስክሪብቶ እያረምኩ ያረጀሁ ሴት፣ ያንን አንድ ወረቀት በንዴት ሳላነብ ቀረሁ። በዚህ ከወንድወሰንም ከቀበሌውም ይልቅ የምናደደው በራሴ ነው።

ሐሙስ እናቴ ገላዋን ታጥባ፣ ነጭ ቀሚሷን ለብሳ፣ በሩ ሥር በርጩማ አስቀምጣ ጠበቀች። ምሳዋንም እዚያው በላች። ከቆርቆሮው ወዲያ ኮቴ በተሰማ ቁጥር «መጡ» ትላለች። አሥራ አንድ ሰዓት ሲሆን «ሥራ በዝቶበት ይሆናል» ብላ ምርኩዟን ይዛ ተነሳች።

ዓርብ ወንድወሰን ችሎት ቀረበ። በሁለት ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ! ኮት ለብሶ፣ ከረባት አስሮ። ሲያየኝ ጎንበስ ብሎ ሰላም አለኝ። ተራችን ሲደርስ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ከባለጉዳይዋ ጋር በሽማግሌ ታርቀናል» ብሎ ያቺን ወረቀት አቀረበ። ዳኛው ጮክ ብለው አነበቧት።

«በመካከላችን የነበረውን ጉዳይ በሙሉ በዕርቅ ጨርሰናል። ከእንግዲህ በዚህ ጉዳይ አንዳችን ሌላችንን በማናቸውም ፍርድ ቤት አንጠይቅም።»

ጆሮዬን ማመን አቃተኝ።

«አሻራው የእናትዎ ነው?» አሉኝ ዳኛው።

«ነው፣ ግን…»

«ተገደው ነው ያተሙት?»

«አልተገደዱም። ቄሱ ቆመውባቸው ነው!»

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛውም ከንፈራቸውን ነከሱ።

«በሩን ሊከፍት ቃል ገብቶ ነው ክቡር ፍርድ ቤት። እስከ ሐሙስ ብሎ።»

«ወረቀቱ ላይ የቱ ጋ ነው ያለው?»

ሰጡኝ፣ አየሁት። የለም። ከላይ እስከ ታች አነበብኩት፤ ስለ በር አንድ ቃል የለበትም። ኋላ ሃምሳ አለቃን ስጠይቃቸው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? «መስቀል ተስሞ የተሰጠ ቃል ይጻፋል እንዴ? ይጻፍ ማለት እኮ አላመንንህም ማለት ነው፤ ልጁን መስደብ ነው።» ይቅርታው ተጻፈ፣ የተገባው ቃል ግን ነውር ነው ተብሎ ሳይጻፍ ቀረ!

ዳኛው ለጸሐፊዋ ማስጻፍ ጀመሩ። «ተከራካሪዎቹ በዕርቅ የጨረሱ ስለሆነ የአፈጻጸም መዝገቡ ተዘግቷል። የችሎት መድፈር አቤቱታውም ተሰርዟል።»

ወንድወሰን እጅ ነሳና «እሺ» አለ።

በዚያች እሺ ደሜ ፈላ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ሌላ ሰው የሚያደርገው ይመስል ቆሜ አየሁት። ፊቴ የነበረውን ጠረጴዛ በመዳፌ መታሁት፤ ሰባ ልጆች ያሉበትን ክፍል ጸጥ የሚያሰኘው የእኔ መምታት ነው።

«ሰባት ዓመት!» አልኩ። «ሰባት ዓመት ሙሉ ሲንቋችሁ የት ነበራችሁ? እኔን ተማሪ እንደዚህ ቢንቀኝ አንድ ደቂቃ ክፍሌ ውስጥ አላቆየውም! ትዕዛዛችሁን መሳቢያ ውስጥ ሲያስገቡት፣ ፖሊሳችሁ ከመንገድ ማዶ ያለ ሰው አጣሁ ሲላችሁ፣ በር ክፈቱ ስትሏቸው ቆርቆሮ ቀደው ሲያላግጡባችሁ ዝም! አሁን አንዲት አሮጊት ለቄስ ብላ ባተመችው ጣት መዝገቡን ትዘጋላችሁ? ይሄ ፍርድ ቤት ነው?»

«ይቀመጡ» አሉ ዳኛው።

«አልቀመጥም! እኔም እንደ ሽማግሌ ቆሜ ልይ፣ የሚሰማኝ ካለ!»

«ፍርድ ቤቱን ይቅርታ ይጠይቃሉ?»

«ስለ ምኑ?»

አሥራ አምስት ቀን ፈረዱብኝ። ሁለት ደቂቃ እንኳ አልፈጀም። ለእኔ መጥሪያ አላስፈለገም፣ ኮሚቴ አልተቋቋመም፣ በጀት አልተጠየቀም። ወንድወሰንን ሁለት ዓመት ፈልጎ ያጣው ፖሊስ እኔን በአንድ እርምጃ አገኘኝ። ወንድወሰን በበሩ ሳልፍ «ቲቸር፣ አይዞዎት» አለኝ። ዓይኑን በጨው የታጠበ!

የታሰርኩት አዲሱ ከተማ፣ ፍርድ ቤቱ አጠገብ ያለው ፖሊስ ጣቢያ ነው፤ የሴቶች ክፍሉ አንድ መስኮት አለው። ሁለት ቀን ሙሉ እየተንጎራደድኩ ሳስብ የማስበው አንድ ነገር ነው፤ መዝገቡ ተዘግቷል፣ እናቴ ከእንግዲህ ዕድሜ ልኳን ከዚያ ግቢ አትወጣም፣ ይህን ያደረግኩት ደግሞ እኔ ነኝ። ሰሃን ሳጥብ!

በሦስተኛው ቀን ሳፊያ ምግብ ይዛ መጣች። እናቴ እሷ ጋር እየበላች እንደሆነ ነገረችኝ። ከዚያ ነጠላዋን ሰብሰብ አደረገችና ድምጿን ዝቅ አደረገች።

«ሽማግሌዎቹ ወንድወሰን ጋ ሄደው ነበር፣ ወላሂ። ቃልህስ? ብለውት።»

«እሺ አላቸው?»

«አላላቸውም። ፍርድ ቤቱ መዝገቡን ዘግቶታል፣ እኔ ያለ ፍርድ ቤት ትዕዛዝ የመንግሥት ንብረት አላፈርስም፣ ሕግ አለ፣ ነው ያላቸው።»

ሕግ አለ! ትዕዛዝ እያለ በትዕዛዙ ምክንያት አይፈርስም፤ ትዕዛዝ ሲጠፋ ትዕዛዝ ስለሌለ አይፈርስም። ግድግዳውን በጡጫ መታሁት፤ የተጎዳው የእኔው እጅ ነው።

«መምሬ ምን አሉ?»

«መስቀላቸውን ጨብጠው ወጡ። አጎቴ ቤት ሲገባ ፊቱ ጠቁሮ ነበር። በሰባ አራት ዓመቱ ሽማግሌ ሆኖ ሄዶ ሲዋሽ ይህ የመጀመሪያው ነው፣ ያ ረቢ። ዋሽቶ አይደለም፣ አስዋሹት።»

በሰባተኛው ቀን ረፋድ ላይ ዘብ የቆመችው ፖሊስ ስሜን ጠራች። «ጠያቂ አለሽ፣ ውጪ» አለች። ሳፊያ ናት ብዬ ወጣሁ። በግቢው መሀል፣ ፀሐይ ላይ፣ ነጭ ቀሚስ የለበሰች ሴት በምርኩዝ ቆማለች። ከኋላዋ ሳፊያና ሃምሳ አለቃ አሉ። መጀመሪያ አላወቅኳትም። እናቴን ከቤት ውጪ ካየኋት ስድስት ዓመቴ ነው፤ ሜዳ ላይ ስትታይ አጭር ሆናለች።

«እማዬ! በየት ወጣሽ?»

«በበሬ ነዋ» አለች።

የነገሩኝ ሦስቱም እየተቀባበሉ ነው። ሃምሳ አለቃ ዛሬ በማለዳ የዕድሩን ጥሩምባ አስነፍተዋል። ጥሩምባ ሲነፋ ሰው ሞቷል ማለት ነው፤ የዕድሩ አባል ሁሉ ነጠላውን እያዘቀዘቀ ግር ብሎ ወጣ። ሐጂ መሐመድም አፎቻቸውን ይዘው መጡ፤ የሐረሪዎቹ ዕድር ማለት ነው። «ማን ሞተ?» ይላል ሰው። «ማንም አልሞተም። ሰው ሳይሞት አንድ ቀን እንኳ እንውጣ ብዬ ነው» አሉ ሃምሳ አለቃ። ከዚያ የመቃብር መቆፈሪያውን ዶማና ዲጂኖ አስወጡ። የመጀመሪያውን ቆርቆሮ የነቀሉት ራሳቸው መምሬ ናቸው አሉ፤ ቀሚሳቸውን ወገባቸው ላይ ሸብ አድርገው።

«መምሬ?» አልኩ።

«እኔ ፊት መስቀሉን ስሞ ዋሸ፤ ቆርቆሮው የቆመው በእኔ መስቀል ላይ ነው፣ አሉ» አለችኝ እናቴ። «ተዉ ብላቸው አልሰሙኝም።»

ስልሳ ሰው በአንድ ሰዓት ውስጥ ነቅሎ ጨረሰው። ወንበሩንና ድንኳኑን ተሸክመው ወስደው ቀበሌው በር ላይ ደረደሩት። ፖሊስም መጥቶ ነበር። መጥቶ ግን ማንን ይሰር? ቄሱን? ሐጂውን? ደግሞ ከሁለቱ ፖሊሶች አንዱ የዕድሩ አባል ነው፤ ጥሩምባ ሲነፋ ያልወጣ ይቀጣል።

«ወንድወሰንስ?»

«ቆሞ አየ» አሉ ሃምሳ አለቃ። ትንሽ አመነቱና «ወዲያው ደግሞ ለፍርድ ቤቱ ደብዳቤ ጽፏል አሉ። ክቡር ፍርድ ቤቱ በሰጠው ትዕዛዝ መሠረት ቀበሌው መጋዘኑን ያነሳ መሆኑን በአክብሮት እንገልጻለን ብሎ።»

«በአክብሮት?»

«በአክብሮት።»

ጮህኩ። ፖሊሷ ዞር ብላ አየችኝ። ልጁን እዚያው ባገኘው ጆሮውን ይዤ ስድስተኛ ክፍል እመልሰው ነበር! ሃምሳ አለቃ ደግሞ ይባስ ብለው፣ «ለዳኛውም ሽማግሌ ልከን ነበር፣ አንቺን እንዲለቁልን። ዳኛ ሽማግሌ አይቀበልም ብለው መለሱን» አሉኝ። የዚህን ጊዜ ሳቄም ንዴቴም አንድ ላይ መጡብኝ።

እናቴ ሁላችንንም ታየን ነበር። ላብ በግንባሯ ወርዷል። ጫማዋ አቧራ ለብሷል። ከፈላና በር እስከዚህ በባጃጅ ይሆናል የመጣችው ብዬ ሳፊያን በዓይኔ ጠየቅኳት፤ ሳፊያ ራሷን ነቀነቀች። «ባጃጅ አቁመንላት እምቢ አለች። እያረፈች በእግሯ ነው የመጣችው፣ ሱብሃነላህ።»

«መድኃኔዓለምን ተሳለምሽ?» አልኳት እናቴን። ስድስት ዓመት የጠበቀችው እሱን ነዋ።

«አልተሳለምኩም።»

«ለምን? መንገድሽ ላይ አይደል እንዴ?»

«አንቺን ሳላይ?» አለች። ከዚያ ተቆጣች፣ እኔን የወለደች እሷ አይደለች? «ልጄ በእኔ ጣት ታስራ እኔ ቤተ ክርስቲያን ገብቼ ምን ልበለው?»

እዚያው ግቢው መሀል፣ ፖሊሶቹም እያዩኝ፣ እንደ ሕፃን ተንሰቅስቄ አለቀስኩ። ከንዴት ነው ወይስ ከሌላ፣ አላውቅም። እናቴ በነጠላዋ ጫፍ ፊቴን ጠረገችልኝ።

«ስንት ቀን ቀረሽ?»

«ስምንት።»

«በየቀኑ እመጣለሁ።»

«እማዬ፣ ሩቅ ነው እኮ። እግርሽስ?»

«እግሬማ ስድስት ዓመት አርፏል» አለች።